ሞክሼዋ ቀንድ አውጣ

ምትኬ አንዳርጌ ሰኞ ጠዋት መታወቂያዋን ልታሳድስ ወረዳ ስትሄድ፣ ስሟን አንዲት የባሕር ቀንድ አውጣ ወስዳው አገኘች። ሰው ወስዶት ቢሆን ኖሮ ጉድ ታፈላ ነበር። ቀንድ አውጣ ስትሆን ግን ምን እንደሚባል ግራ ገባትና ወንበር ስባ ተቀመጠች።

የወሳኝ ኩነት መዝገብ የሚይዘው አቶ ዘርጋው ሰው አክባሪ ነው። ፋይሉን አውጥቶ ወረቀቱን አንድ በአንድ አሳያት። ቀንድ አውጣዋ ባለፈው ሐሙስ ከምሳ በፊት መጥታለች። ሦስት ምስክር ይዛ ነበር፤ ሦስቱም ከአንድ መሳቢያ የወጡ ዛጎሎች ሲሆኑ ከብዙ ጊዜ ጀምሮ እንደሚያውቋት ተናግረዋል። ጣት ስለሌላት እግሯን ቀለም ነክራ አሳርፋለች። ጉርድ ፎቶዋም ተያይዟል። ሾጣጣ ናት፤ ነጭ መልኳ ላይ ቡናማ ጥልፍልፍ አለባት። ሁለቱም ጆሮ መታየት አለበት የሚለው መመሪያ ታልፎላታል።

«እኔ እኮ ሰባ ዓመት ሙሉ ምትኬ ነኝ» አለች።

«እኔማ አውቃለሁ፣ እማማ። ወረቀቱ ነው የማያውቀው።»

ነገሩ እንዲህ ነው። ምትኬ እንደ እኩዮቿ ሁሉ ቤት ውስጥ ተወለደች፣ ጎረቤት እልል አለ፣ በቃ። የልደት ምስክር ወረቀት ያወጣችው በ2005 ዓ.ም.፣ ጡረታዋን ልታስጨርስ ስትሯሯጥ ነው። የቀንድ አውጣዋ ስም ግን ታኅሣሥ 1965 ዓ.ም. በመጽሔት ታትሞ ወጥቷል። ስለዚህ በወረቀት ከሄድን ቀንድ አውጣዋ አርባ ዓመት ትበልጣታለች። የእንስሳት ስም የሚያወጡ ምሁራን ደግሞ አንድ ሕግ አላቸው፤ ቀድሞ የታተመ ስም ይጸናል። ወረዳው ለእንዲህ ዓይነት ጉዳይ የራሱ መመሪያ ስለሌለው የእነሱን ተጠቅሟል።

የአባቷን ስም ማንም አልነካባትም። ቀንድ አውጣዋ ኮኑስ የሚባል የራሷ ወገን አላት፣ አንዳርጌን አልፈለገችውም። አቶ ዘርጋው ይህን እንደ ማጽናኛ ነገራት። ከዚያ የድሮውን መታወቂያ ተቀብሎ ጥጉን በመቀስ ቆረጠና፣ ሌላ ስም እንደሚያስፈልጋት፣ ስሙንም ራሷ ሳትሆን ስም የማውጣት መብት ያለው ሰው ሊያወጣላት እንደሚገባ አስረዳት። እኛም ከዚህ በኋላ ሴትየዋ እንላታለን። ሌላ የምንላት የለንም።

ጥፋተኛ እንፈልግ ከተባለ ጥፋተኛዋ ራሷ ሴትየዋ ናት። በወጣትነቷ ዩኒቨርሲቲ ውስጥ ዛጎል ታጥብ ነበር። ዶክተር አጥናፉ የሚባሉ መምህር ከዳህላክ ደሴቶች በካርቶን በካርቶን ያመጡታል፣ እሷ በጥርስ ብሩሽ ፈትጋ ትደረድረዋለች። አንድ ቀን አንዷን አንሥታ «ይቺ የእነዚህ ዘመድ አይደለችም» አለቻቸው። እሳቸው አልተዋጠላቸውም። ሦስት ቀን ሙሉ በአጉሊ መነጽር ሲያዩ ከረሙና በአራተኛው ቀን መጥተው ከወንበሯ ፊት ባርኔጣቸውን አወለቁ። በዚያ ሙያ ሰው የሚመሰገነው በስም ነው። አንዱ ለሚስቱ፣ አንዱ ለመምህሩ፣ አንዱ ለመርከቡ ወጥ ሠሪ ያወጣል። ዶክተር አጥናፉም ዛጎሏን ኮኑስ ምትኬ አሏት። የወገን ስም ይቀድማል፣ የራስ ስም ይከተላል። ስሙ የሚያርፈው በአንዲቷ ዛጎል ላይ ብቻ ነው፤ ባሕር ውስጥ ያሉት ሌሎቹ እሷን ስለሚመስሉ ብቻ በስሟ ይጠራሉ። መለያ ወረቀቱን ሴትየዋ በራሷ እጅ ጽፋ መሳቢያው ውስጥ አስቀመጠችው። ያን ቀን እየሮጠች ቤት ሄዳ ለእናቷ ለወይዘሮ ጠጅቱ ነገረቻቸው።

ወይዘሮ ጠጅቱ ትናከሳለች ወይ ብለው ጠየቁ። መርፌ የመሰለ መውጊያ እንዳላትና ዓሣን ባለበት እንደምታደርቅ ሲሰሙ ደስ አላቸው። ስምሽ ጠባቂ አገኘ አሉ።

እውነቱን እንናገር ከተባለ ሴትየዋ ስሟን ወድዳው አታውቅም። ከእሷ በፊት የኔነሽ የምትባል ልጅ ነበረች። በሦስት ዓመቷ ኩፍኝ ወሰዳት። ይቺ ከዚያ በኋላ ተወለደችና ምትኬ ተባለች፤ የሞተችዋ ምትክ ማለት ነው። ልጅ የሞተበት ቤት እንዲህ ይሰይማል፤ ምትኩ አለ፣ ካሣ አለ፣ ማስረሻ አለ፣ ማንም አይደነቅበትም። ሴትየዋ ግን ሰባ ዓመት ሙሉ ሰው መጥቶ እንደሚያስነሣው እንግዳ ወንበር ጫፍ ላይ ተቀምጣ ኖራለች። የኔነሽ ባትሞት አልወለድም ነበር ብላ ታምን ነበር። ይህን ለማንም አልተናገረችውም።

ያም ሆኖ ስሙ ከአንድ ሰው አፍ ሲወጣ ትወደው ነበር። ወይዘሮ ጠጅቱ አሁን ዘጠና ሦስት ዓመታቸው ነው፣ አልጋ ላይ ናቸው። መጀመሪያ ሰፈሩን ረሱ፣ ከዚያ ዘመኑን፣ ከዚያ ጎረቤቱን፣ በመጨረሻ ማንኪያ ለምን እንደሚያገለግል ረሱ። አንድ ቃል ቀረቻቸው። ጠዋት ሲነቁ «ምትኬ!» ብለው ይጣራሉ። ልጃቸው «አቤት፣ እማዬ» ትላለች። ይስቃሉ። ለእሷ ቀኑ የሚነጋው በዚያች ሳቅ ነው፣ እናቷ ዘንድ የቀራትም ያችው ናት። ስለዚህ ከወረዳ ቤቷ ድረስ የተመለሰችው በእርምጃ አልነበረም፣ በሩጫ ነው።

በሩን ስትከፍት እናቷ «ምትኬ!» አሉ።

ሴትየዋ አፏን ከፈተች። አቤት የሚለው አልወጣም። የጎረቤት ስልክ ሲጮኽ የእኛ እንዳልሆነ እንደምናውቀው ሁሉ፣ የተጠራችው እሷ እንዳልሆነች አወቀች። ከራስጌ ካለችው ኮመዲኖ ላይ ግን «አቤት፣ እማዬ» የሚል ቀጭን ድምፅ መለሰ። ቀንድ አውጣዋ የጨው ውኃ በተሞላ የሾርባ ሳህን ውስጥ ተቀምጣ ነበር። ወይዘሮ ጠጅቱ ሳቁ። ሳቃቸው ሴትየዋን አልፎ ሄደ።

ጎረቤት «አንቺ እንትን» ይላት ጀመር። የእድር መዝገብ ላይ ስሟ የነበረበት መስመር ባዶ ሆነ። ይኼን ሁሉ ቻለችው። ጠዋቱን ግን አልቻለችውም። ረቡዕ ጠዋት እናቷ ገና ሳይነቁ ሳህኑን አንሥታ ግቢው ውስጥ ካለው የውኃ መውረጃ አፋፍ ወሰደችው። ቀንድ አውጣዋ መውጊያዋን አላወጣችም።

«ሞክሼዬ፣ ብትደፊኝ አልቀየምሽም» አለቻት።

ሴትየዋ እጇ ላይ እንደያዘቻት ለምን እንደመጣች ጠየቀቻት።

«ላመሰግንሽ ነው የመጣሁት። ባሕር ውስጥ እልፍ ነበርን፣ አንዳችንን ከአንዳችን የሚለይ አልነበረም። አንቺ ‹ይቺ› አልሽና አንድ ሆንኩ። ሃምሳ ዓመት መሳቢያ ውስጥ ስሆን ያቺን ነው የማስበው። በራችሁ ላይ ስደርስ እናትሽ ተጣሩ። ስሜ ስለሆነ አቤት አልኩ። የተጠራ ሰው ደግሞ መመዝገብ አለበት።»

«መልሺልኝ።»

ቀንድ አውጣዋ የታተመ ስም እንደማይመለስ ነገረቻት። ሞታም ቢሆን ከዛጎሏ ጋር ይቀራል። ማድረግ የምትችለው አንድ ነገር ብቻ ነው፤ ወይዘሮ ጠጅቱ ሲጣሩ ዝም ማለት። ጠርቶ መልስ ያጣ ሰው ዞር ብሎ ሌላ ይፈልጋል አለች። ሴትየዋ ፈራች። እናቷ የቀረቻቸው ያች ቃል ብቻ ናት፣ ቃሏም መልስ ካጣች ምን ይተርፋቸዋል? ቀንድ አውጣዋ ይህንን አላውቅም አለች። ሴትየዋ ሳህኑን መልሳ ኮመዲኖው ላይ አስቀመጠችው።

ወይዘሮ ጠጅቱ ከእንቅልፋቸው እንደነቁ «ምትኬ!» አሉ። ቀንድ አውጣዋ ዛጎሏ ውስጥ ገብታ ዝም አለች። ደግመው ተጣሩ። ሠለሱ። በሰባተኛው ድምፃቸው ቀጠነ፣ በዘጠነኛው ከንፈራቸው ብቻ ተንቀሳቀሰ። ሴትየዋ አልጋው እግር ሥር ቆማ እንባዋ ይወርዳል፤ መልሽላቸው ብላ ቀንድ አውጣዋን ልትለምን ጎንበስ እንዳለች አሮጊቷ ፊታቸውን ወደ እሷ መለሱ።

«አንቺስ ማን ነሽ?»

«ስም የለኝም፣ እማዬ።»

«ምትኬ አይደለሽም?»

«አይደለሁም» አለች። ይህን በሕይወቷ ለመጀመሪያ ጊዜ ነው የተናገረችው።

ወይዘሮ ጠጅቱ በክርናቸው ተደግፈው ቀና አሉ። ለዓመታት ያላደረጉትን ነው። ሴትየዋን ከላይ እስከ ታች አዩዋትና ያለ ችግር ይናገሩ ጀመር፣ ትናንት የሆነ ነገር እንደሚያወራ ሰው። የኔነሽ በደኅናዋ ግቢ ውስጥ ስትሯሯጥ እሳቸው የአራት ወር እርጉዝ ነበሩ። የኔነሽ ጆሮዋን ሆዳቸው ላይ ለጥፋ ታዳምጥና «ትስቃለች» ትላቸው ነበር። ያኔውኑ ስም አዘጋጅተው ነበር። ከዚያ ኩፍኙ መጣ።

«አንቺ የማንም ምትክ አይደለሽም። እሷ እያለች ነው የመጣሽው። ሳልለምነው የሰጠኝ ነሽና ውለታ ልልሽ ነበር። ስትወለጂ አፌ ምትኬ አለ። ስምሽን ለሐዘኔ ሰጠሁብሽ፣ ልጄ።»

ውለታ አልጋው ጠርዝ ላይ ተቀመጠችና እንደ ልጅ ስቅስቅ ብላ አለቀሰች። ደስ ብሏት ነው ያለቀሰችው፤ ሌላ ምክንያት አልነበረውም። ስታበቃ የቀንድ አውጣዋን ውኃ ቀየረችላት፣ ጨውን በማንኪያ ለክታ ጨመረችላትና ሳህኑን በሁለት እጇ ይዛ አመሰገነቻት። ስሟን ባትወስድባት ኖሮ ይኼኛውን ሳትሰማ ትሞት ነበር። ነፍሳቸውን ይማርና ዶክተር አጥናፉንም አመሰገነች።

ወይዘሮ ጠጅቱ ወረዳ መሄድ ስለማይችሉ አቶ ዘርጋው ሐሙስ በምሳ ሰዓቱ መዝገቡን በብብቱ ይዞ ቤት ድረስ መጣ። ስሙን ማን እንዳወጣ ጠይቆ ጻፈ። የትውልድ ቦታ የሚለው ላይ «እዚሁ» ተባለ። የትውልድ ቀን የሚለው ጋ ሲደርስ ብዕሩን አቁሞ አሰበ። ወረዳው የያዘው ሕግ ስም የወጣበትን ቀን ነው የሚቆጥረው፤ ስለዚህ የትናንቱን ረቡዕ አስገባ። ክብደት የሚለውን ባዶ ተወው። ከዚያ ከወንበሩ ተነሥቶ ለወይዘሮ ጠጅቱ ጎንበስ አለና፣ ለአራስ እንደሚባለው «እንኳን ማርያም ማረችዎ» አላቸው።

«አሜን» አሉ። ውለታም ከልቧ አመስግና እስከ በሩ ሸኘችው።

ዓርብ ጠዋት ፀሐይ በመስኮቱ ገብታ ብርድ ልብሱ ላይ ስታርፍ ወይዘሮ ጠጅቱ ነቁ።

«ውለታ!» አሉ።

«አቤት፣ እማዬ።»

መልሱ ሳያስቸግራት ወጣ። ወይዘሮ ጠጅቱ ሳቁ፣ ሳቃቸውም እሷ ላይ አረፈ። 

«ነይማ ወደዚህ» አሉ አሮጊቷ፣ ብርድ ልብሱን በአንድ እጃቸው ገለጥ እያደረጉ። «እስካሁን ርቦሻል።»

ውለታ ቀረብ አለች። በዘጠና ሦስት ዓመቷ ሴት የሌሊት ልብስ ላይ፣ ደረታቸው ግራና ቀኝ፣ ሁለት እርጥብ የወተት ክቦች ወጥተው ቀስ እያሉ ይሰፉ ነበር።