የአባታችን አልጋ በአዳራሹ መሀል

የእህቴን ሥራ ለሰው ማስረዳት ሞቴ ነው። "ትርኢት ታሳያለች" ስል "ዘፋኝ ናት?" ይሉኛል። ዘፋኝ አይደለችም፣ ተዋናይም አይደለችም። አንዴ ዳቦ ቤት መስኮት ውስጥ ሳትነቃነቅ ቆማ ዋለች፤ ከዚያ ወዲህ ሰፈሩ "ሐውልት" ይላታል። ሌላ ጊዜ አደባባይ ላይ ፀጉሯን ተላጭታ ለአላፊ አግዳሚው አደለች። እናታችን ለጎረቤት "አስተማሪ ናት" ስትል ኖራለች።

ሐውልት አንድ ደንብ አላት፤ በዓይኗ ያየችውን ብቻ ነው የምትሠራው። አትጨምርም፣ አትቀንስም። ጋዜጠኞቹ የሚያደንቁላት፣ ከአገር አገር የሚያስጋብዛትም ይኸው ነው።

አባታችን ሲታመም ግን ግብዣውን ሁሉ ትታ መጣች። ከአልጋው አጠገብ ንቅንቅ አልል አለች። እጁን ይዛ ዓይን ዓይኑን ታየዋለች፤ ውሃ ስሰጣት እንኳ ፊቷን አታዞርም። እኔን ነገረኛዋን አንጀቴን በላችው። ከእንግዲህ ክፉ ቃል አልናገራትም ብዬ ማልኩ።

ነፍሱ ስትወጣ አብራው የነበረችው እሷ ብቻ ናት። እናቴ ወተት ልታሞቅለት ወጥ ቤት ገብታ ነበር። ከዚያ ቀን ጀምሮ የእናቴ ጥያቄ አንድ ብቻ ሆነ፤ "አልፈለገኝም? አልጠራኝም?" ሐውልትም "እንቅልፍ እንደወሰደው ነው ያለፈው፣ እማ" ትላታለች። ምስኪን እናቴ ይህን ስትሰማ ነበር ትንሽ የምትረጋጋው።

ከዚያ እህቴ አልጋውን ለመነች። እናቴ ልትተኛበት መስሏት ሰጠቻት።

አዲሱን ትርኢት ልናይ ሄድን፤ ለእናቴ የመጀመሪያ ጊዜዋ ነው። አዳራሹ ጢም ብሎ ሞልቷል። መሀሉ ላይ የአባቴ አልጋ፣ አልጋው ላይ እህቴ፣ የአባቴን ባለ መስመር ፒጃማ ለብሳ። ደነገጥኩ ማለት አይገልጸውም። ትንፋሿ ቁርጥ የእሱ ነው። መሀል ላይ ቀጥ ይልና፣ በቃ ሲባል ሲር ብሎ ይመለሳል። አጠገቤ የቆመው ሰውዬ "አቤት ችሎታ" አለ። ልነክሰው ምንም አልቀረኝ።

ከዚያ ቀኝ እጇ ተነሳ። እናቴ ትተኛበት የነበረውን የአልጋውን ጎን ይዳብስ ጀመር። ከንፈሯም ያለ ድምፅ ተንቀሳቀሰ። አባቴ እናቴን የሚያቆላምጥበትን ስም ከከንፈር ላይ ማንበብ ለኔ ከባድ አይደለም። ሐውልት ደግሞ ያላየችውን አትሠራም።

እናቴ ተመልካቹን ከአልጋው የሚለየውን ገመድ አልፋ ገባች። እጇን በሚዳብሰው እጅ ፊት ዘረጋች። የእህቴ እጅ በላዩ አልፎ መፈለጉን ቀጠለ። ያዣት እንጂ አንቺ አረመኔ፣ አልኩ በሆዴ።

"ፈልጎኝ ነበር?" አለች እናቴ።

እህቴ ዓይኗን ገለጠች። ትርኢት ላይ ሆና ስትናገር ሰምቻት አላውቅም።

"ፈልጎሽ ነበር።"

"ወጥ ቤት እኮ ነበርኩ። ምን ነበር አንድ ጊዜ ብትጠሪኝ?"

ሐውልት የምትዋሽ መስሎኝ ነበር፤ እንድትዋሽም ተመኘሁ።

"እያየሁት ነበር፣ እማ።"

እናቴ አልጮኸችም፣ አላለቀሰችም። ጎንበስ ብላ የፒጃማውን የላይኛውን ቁልፍ ፈታች። ቀጥላ ሁለተኛውን። ተመልካቹ የትርኢቱ ክፍል መስሎት ትንፋሹን ውጦ ያያል።

"የባሌን ልብስ አውልቂ" አለቻት።