መጤ ወፎች

ሠርክ ከመሰላሉ አናት ላይ ሆና ስልኳን ወደ ደረቀው ዘንባባ ግንድ ቀዳዳ አስገባች። አራት ጫጩቶች። ላባቸው ገና በቅጡ አልወጣም፤ መንቆራቸው ግን እንደ ትልቅ በቀቀን ወደ ታች ተቆልምሟል። የስልኩ ብርሃን ሲያርፍባቸው ተደራርበው ወደ ጥጉ ሸሹ። እናታቸው ከላይ፣ የኤሌክትሪክ ሽቦው ላይ ተቀምጣ ትጮሃለች። ሰውነቷ አረንጓዴ፣ ፊቷ የበሰለ ብርቱካን የመሰለ፣ አንገቷ ቢጫ ነው። ከሰው መዳፍ ብዙም አትበልጥም፤ ጩኸቷ ግን ግቢውን ይሞላዋል።

«ስንት ናቸው?» አሉ ጋሽ ታመነ፣ መሰላሉን በሁለት እጃቸው እንደያዙ።

«አራት።»

«ከእኔ ልጆች በአንድ በለጡ በለኛ!»

ሠርክ አልሳቀችም። ሦስት ሰዓት ሆኗል። ግንዱን የሚቆርጡት ሰዎች ስድስት ሰዓት ላይ የሞተር መጋዝ ይዘው ይመጣሉ።

ናይሮቢ፣ ፓርክላንድስ ሰፈር ያለው ይህ ግቢ ስድስት ተከራይ አለው፤ አብዛኞቹ ኢትዮጵያውያን ናቸው። የደረቀው ዘንባባ የቆመው መኪና ማቆሚያው ጫፍ ላይ ነው፤ የቤቱ ባለቤት አስቆርጦ ቦታውን ሊያሰፋ አስቧል። ጋሽ ታመነ በስደተኛ ወረቀት ናይሮቢ ከገቡ አራት ዓመታቸው ነው። በየማለዳው ወንበራቸውን አውጥተው በቀቀኖቹ ሲገቡና ሲወጡ ያያሉ። ግንዱ ሊቆረጥ መሆኑን ሲሰሙ በግቢው ጠባቂ በኦቲየኖ በኩል ባለቤቱን ለመኑ። ባለቤቱም፣ የሚያውቅ ሰው ከመቆረጡ በፊት በጽሑፍ ያስረዳኝ አለ። የሚያውቅ ሰው ደግሞ እዚያው ግቢ፣ ሦስተኛው ቤት ውስጥ ተኝታ ነበር። ሠርክ ዌስትላንድስ ባለ ቢሮ የአካባቢ ጥናት ትሠራለች፤ ሳምንቱን ከከተማው በስተደቡብ ባለው ሜዳ ወፍ ስትቆጥር ነው የሰነበተችው። ለዚህ ቅዳሜ የነበራት ዕቅድ እንቅልፍ ብቻ ነበር።

«በሕግ የተጠበቁ ናቸው ብለሽ ጻፊና ይገላግለን» አሉ። «የወፍ ዶክተር ከጻፈች ማን ይከራከራል?»

«ዶክተር አይደለሁም፣ ጋሼ» አለች ከመሰላሉ እየወረደች። «ሕጉም እንደ አገሬው ወፍ አያያቸውም። ድሮ ሰው ለቤት ጌጥ ብሎ ከታንዛኒያ ያመጣቸውና ያመለጡ ናቸው። መጤ ናቸው።»

ቃሉ ሳታስበው ነው የወጣው። ዩኒቨርሲቲ እያለች ስለ አረም ሲወራ፣ ስለ ዓሣ ሲወራ፣ ስለ ወፍ ሲወራ መጤ ይባል ነበር፤ ሌላ ቃልም አልተማረችም።

ጋሽ ታመነ መሰላሉን ለቀቁት።

«መጤ» አሉ።

«የሳይንስ ቃል ነው። ለወፍ የሚባለው ለሰው ከሚባለው ይለያል።»

«አገር ቤት እኔ በር ላይ የጻፉት ይህንኑ ነበር። ፊደሉም አንድ ነው።»

የቤት ቁጥራቸውን እንደሚናገር ሰው ነበር ያሉት። አገር ቤት ይኖሩባት ከነበረች ከተማ እንደ ተባረሩ ሠርክ ታውቃለች፤ እዚያው መወለዳቸውንም ታውቃለች። ከዚያ አልፋ ጠይቃቸው አታውቅም።

«እነዚህ እዚህ ስንት ዓመታቸው ነው?»

«አርባም ሃምሳም ሊሆን ይችላል።»

«ታዲያ ስንት ዓመት ሲቀመጡ ነው ስሙ የሚነሣላቸው?»

ምን እንደሚበሉ፣ ከየትኞቹ ወፎች ጎጆ እንደሚሻሙ፣ ከማን ጋር እንደተዳቀሉ ታውቃለች። ለዚህ ግን ቁጥር የላትም። መልስ የሌለው ጥያቄ ያናድዳታል፤ ይህኛው ይበልጥ ያናደዳት ትክክል ስለሆነ ነው።

«አላውቅም» አለች።

ደጃፏ ላይ ተቀምጣ ላፕቶፑን ጉልበቷ ላይ አደረገች። መጀመሪያ ቃሉን ዘልላ ጻፈች። አነበበችው። ሌላ ሰው ጽፎላት ቢሆን ኖሮ የምትመልሰው ዓይነት ሪፖርት ነበር። አጠፋችና በእንግሊዝኛ መጤ ማለት የሆነውን ቃል አስገባች። ከሥሩ የጫጩቶቹን ብዛት፣ ሁለት ሳምንት ገደማ እንደሆናቸው፣ የሚበሩበትን ቀን፣ ግንዱም ለአራት ሳምንት እንዳይነካ መምከሯን ጻፈች።

ጋሽ ታመነ በአማርኛ እንድታነብላቸው ጠየቁ። ቃሉ ጋ ስትደርስ ድምፅዋ ዝግ አለ።

«እውነት ከሆነ ይጻፍ» አሉ። «የሚበሩበትን ቀን ግን አድምቂው።»

አደመቀችው። ኦቲየኖ ደብዳቤውን ከላፕቶፑ ላይ በስልኩ ፎቶ አንሥቶ ለባለቤቱ ላከ።

ስድስት ሰዓት ላይ ሦስት ሰዎች መጡ። አንዱ ግንዱ ላይ ወጥቶ ገመድ አሰረ። ሁለቱ መጋዙን መሬት ላይ አስቀምጠው ኦቲየኖን አዩት፤ ኦቲየኖም ስልኩን አየ። ስልኩ ወዲያው ጠራ። አናግሮ ለሠርክ አቀበላት።

«ደብዳቤሽን አንብቤዋለሁ» አለ ባለቤቱ በእንግሊዝኛ። «ረዥም ነው። አንድ ነገር ብቻ ንገሪኝ፤ እነዚህ ወፎች የዚህ አገር ናቸው ወይስ አይደሉም?»

«አራቱ እዚህ ነው የተፈለፈሉት።»

«እሱን አልጠየቅኩሽም።»

«ጽፌዋለሁ፤ ከውጭ የመጡ ዝርያ ናቸው። ግንዱ ውስጥ ያሉት ግን ሌላ አገር አያውቁም። አራት ሳምንት ነው የምጠይቅህ።»

ሽቦው ላይ ያለችው ወፍ ወርዳ የታሰረው ገመድ ላይ አረፈች፤ ግንዱ ላይ ያለው ሰው እጁን ሰበሰበ። ወፏም ወደ ቀዳዳው ገባች።

ጋሽ ታመነ ከንግግሩ አንድም ቃል አልገባቸውም። ተጠጉና በሹክሹክታ «ምን አለ?» አሉ።

ሠርክ ስልኩን ከጆሮዋ ሳታነሣ አዳመጠች። ከወዲያ የመኪና ጥሩምባ፣ ከዚያም የባለቤቱ ትንፋሽ ይሰማል።

«እሺም እምቢም አላለም፤ ስልኩን ግን ገና አልዘጋውም» አለች።