ዕርቁ ያሰረው ጡረታ

አምባቸው መካነ ሰላም ላይ ከብት ሲያክም ፀጉሩ የሸበተ ሰው ነው። ይብቃኝ ብሎ በፈቃዱ ጡረታ ልውጣ አለ። ሚስቱ ንግሥቴ እሩቅ፣ ከላላ ከተማ ግማሽ ጎኗ አልታዘዝ ብሏት ተኝታለች፤ የሚያገላብጣት ጎረቤት ነው። ባል እያላት ጎረቤት! ይህን ባሰበ ቁጥር አንጀቱ ይቃጠላል።

የመሥሪያ ቤቱ መልስ ግን «የዲሲፕሊን ክስ ያለበት ሠራተኛ፣ ጉዳዩ ሳይወሰን በፈቃዱ ጡረታ አይወጣም» ሆነ።

ክሱን ያመጣበት የገዛ አፉ ነው፤ ይህ አይካድም። አዲሱ ኃላፊ ሙሐሲን በስብሰባ መሃል «ክትባቱ ለምን ዘገየ?» ቢለው፣ ብድግ ብሎ በሰው ፊት ሰደበው። ምን ብሎ? ቆዩ፣ ይደረስበታል። ሙሐሲንም ደሙ ፈላና ዕለቱን ከሰሰው።

የወሎ ሰው ደግሞ የተጣላ አይቶ እንቅልፍ አይወስደውም። ሼህ ሷሊህ ሁለቱንም፣ ስብሰባው ላይ የነበሩትንም ሠራተኞች ጠርተው አስታረቁ። አምባቸው ይቅርታ ጠየቀ፤ ሙሐሲንም ታናሽ ነውና ጉልበቱን ስሞ ተነሳ። ሼሁ ዱዓ አድርገው ሲያበቁ «ያችን ስድብ ዳግመኛ ከአፉ ያወጣ፣ ዘሩ አይባረክ!» አሉ። እስላሙም ክርስቲያኑም «አሚን!» አለ።

ጉዱ የፈላው በዚያች አሚን ነው። ሙሐሲን ክሱን ላንሳ ቢል «አንዴ የተከፈተ ያለ ውሳኔ አይዘጋም» ተባለ። የዲሲፕሊን ኮሚቴው ደግሞ ለመወሰን ስድቡን መስማት አለበት።

«ምን ብሎ ሰደባቸው?» ትላለች ሰብሳቢዋ ሰብሌ።

«ታርቀዋል እኮ» ይላል ምስክሩ።

«መታረቃቸውን አልጠየቅኩህም!»

«ኧረ በአላህ! አሚን ብዬ?»

ሁሉም እንዲሁ። ቀጠሮ፣ ደግሞ ሌላ ቀጠሮ። ክረምቱ ገብቶ ወጣ። ንግሥቴ እየደወለች «ወጣህ?» ትለዋለች፤ እሱም «ይኸው፣ ደርሷል» ይላታል። ስልኩን ሲዘጋ ራሱን ይረግማል፤ ኮሚቴውንም ይረግማል፤ ሼህ ሷሊህንም ሊረግም ይልና «አስተግፊሩላህ» ይላል፣ ክርስቲያኑ ሰውዬ።

በመጨረሻ ሰብሌም ሰለቻት። «ጋሼ አምባቸው፣ እርስዎ ራስዎ ይናገሩትና እንገላገል። ትንሽ ይቀጣሉ፣ ዛሬውኑ እንዘጋዋለን።»

ሙሐሲን ከሳሽ ነውና ፊት ለፊቱ ተቀምጧል። አምባቸው አሚን ማለቱን አሰበ። ከዚያ ጎረቤት የሚያገላብጣትን ንግሥቴን አሰበ። እርግማኑ በእኔ ይሁን ብሎ ተነሳ።

ቀስ ብሎ ሊናገር ነበር፣ ወላሂ! ግን ያ ሁሉ ብሽቀት ጉሮሮው ላይ ተጠራቅሞ ኖሯል። ሲወጣ ጮኸ፤ ጣቱም ሳይታወቀው ሙሐሲን ላይ ተቀሰረ። «የበግና የፍየል በጠጥ የማይለይ ልጅ፣ እኔን ሥራ ሊያስተምረኝ!»

ሰብሌ ቃል በቃል ትጽፍ ጀመር።

«ጋሼ፣ ታርቀን?» አለ ሙሐሲን። ዓይኑ ቀልቷል። ሌላ ቃል ሳይጨምር ወጥቶ ሄደ።

ሰብሌ ጽፋ ጨረሰች። «የፊተኛው ተዘግቷል።»

«ተመስገን! እንግዲህ ልሂድ?»

«የት ነው የሚሄዱት? የአሁኑስ? በኮሚቴ ፊት ኃላፊ ሰድበው? ይኼ አዲስ ክስ ነው።»

«እንዴ! ተናገር ያላችሁኝ እናንተው አይደላችሁም?»

«ይንገሩን አልን እንጂ ይስደቡልን መች አልን?»

ወደ ግቢው ወጣ። ኪሱ ውስጥ ስልኩ ጮኸ።

«ወጣህ?» አለችው ንግሥቴ።

«ይኸው፣ ደርሷል» ሊላት ቢል አፉ አልታዘዝ አለው።

«ንግሥቴ» አላት፣ «እነዚያን ጎረቤቶች አመስግኝልኝ።»