ስለ ቡድን መሪው

፩

«ይፈርሙልኝ፣ እትዬ። ዛሬውኑ ይወጣል ተብሏል።»

ብርቄ የመዝገብ ቤት ሠራተኛ ናት። ያመጣችው ወረቀት መሥሪያ ቤቱ ለአስተዳደር ፍርድ ቤት የሚልከው መልስ ነው። እንዲህ ይላል፦ «አመልካች ወይዘሮ እቴነሽ ወልደሰማያት በቡድን መሪነት ሠርተው አያውቁም።»

እንድትፈርም የተጠየቀችው እቴነሽ ወልደሰማያት ናት።

አንባቢዎች ሆይ፣ አትሳቁ። ገና ነን።

፪

የከተማው ውሃ ቧንቧ ውስጥ ከመግባቱ በፊት በእቴነሽ ቤተ ሙከራ ያልፋል። የድሮው ቡድን መሪ በዝውውር የሄደ ጊዜ ሥራ አስኪያጁ «ለጊዜው ያዢው» አሏት። ያዘች። ጊዜው ግን አላልቅ አለ። ወንበሩን፣ ቁልፉንና ጭቅጭቁን ሰጧት፤ ደረጃውን ከለከሏት። ፈቃድ ስትሰጥም ሆነ ደብዳቤ ስታወጣ ከፊርማዋ በላይ ሁልጊዜ አንዲት ቃል ትጽፋለች።

ስለ።

«ስለ ቡድን መሪው» ማለቷ ነው። ቡድን መሪ የሚባል ሰው በሕንፃው ውስጥ የለም። እሷ ግን ይኸው ትፈርምለታለች።

፫

የደረጃ እድገት ከተከለከላችሁ እንዲህ አድርጉ። መጀመሪያ አለቃችሁን በቃል ጠይቁ። «ይታያል»* ይላችኋል። ቀጥላችሁ ለቅሬታ ሰሚ ኮሚቴ ጻፉ። ሰብሳቢው ደግ ሰው ከሆነ ወንበር ይስብላችኋል። የእቴነሽ ሰብሳቢ ስቦላታል።

«እህቴ፣ ሰኔ ላይ ጡረታ ትወጫለሽ። አሁን ምን ያነታርክሻል?»

«የሠራሁበትን ማዕረግ ይዤ ልውጣ ብዬ ነዋ! ሰው ሲጠይቀኝ ምን ነበርኩ ልበል?»

ኮሚቴው ቅሬታዋን ውድቅ አደረገ። ይህ ሲደርስባችሁ ወደ አስተዳደር ፍርድ ቤት ሂዱ። ወረፋው ረጅም ነውና ምሳ ያዙ።

* ይታያል፦ አይታይም።

፬

ወደ ወረቀቱ እንመለስ።

በዚያ መሥሪያ ቤት ጉዳዩ የሚመለከተው ቡድን ካልፈረመበት ምንም ደብዳቤ ከግቢ አይወጣም። ነገረ ፈጁ አቶ ብዙአየሁ መልሱን አርቅቆ፣ እንደ ልማዱ፣ ዳር ላይ «ለቤተ ሙከራ ቡድን መሪ» ብሎ መራው። ብርቄም እንደ ልማዷ ቀጥታ እቴነሽ ዘንድ አመጣችው። ከመካከላቸው ቆም ብሎ ያሰበ የለም።

አሁን ብርቄ አንገቷን አስግጋ አነበበችውና ደነገጠች።

«ኧረ እትዬ፣ በራስዎ ላይ! ልመልሰው?»

«ለማን?»

እውነትም ለማን?

«በሬ ካራጁ ይውላል አሉ» አለች ብርቄ።

«በሬው እኮ እስክሪብቶ አልሰጡትም፣ ልጄ።»

እቴነሽ ደስ አላት። ደስታዋን መደበቅም አልፈለገች። «ስለ ቡድን መሪው» ብላ ጽፋ ፈረመች፤ የቡድኑን ማኅተም ከመሳቢያዋ አውጥታ ጠበቅ አድርጋ መታችበት።

፭

ዳኛ፦ አመልካች ቡድን መሪ ሆነው ሠርተው አያውቁም ነው የምትሉት?

ነገረ ፈጅ፦ ለአንድ ቀንም፣ ክቡር ፍርድ ቤት።

ዳኛ፦ መልሳችሁ መጨረሻ ላይ ያለው ፊርማ የማን ነው?

ነገረ ፈጅ፦ የሚመለከተው የሥራ ክፍል... የቡድን መሪው ነው።

ዳኛ፦ ስሙን ያንብቡልን።

ነገረ ፈጅ፦



(ይህን ባዶ ቦታ እኔ አልተውኩትም። እሱ ነው የተወው።)

ዳኛ፦ አመልካች፣ ፊርማው የእርስዎ ነው?

እቴነሽ፦ የእኔ ነው። ማኅተሙም እኔው ዘንድ ነው የሚቀመጠው። ደብዳቤው በእኔ ላይ ቢሆንም ሥራዬ ነውና ሳልፈርም አልመልሰውም አልኩ።

ዳኛ፦ (ለነገረ ፈጁ) እንግዲህ እርስዎ ይንገሩን። ማን አስፈረማቸው?

፮

ውሳኔው ከጡረታዋ በፊት ላለው ሳምንት ተቀጠረ። በማግስቱ ብርቄ ሌላ ደብዳቤ ይዛ መጣች፤ ስለ ክሎሪን ግዢ ነው። እቴነሽ እስክሪብቶዋን አነሳችና ያቺን የለመደቻትን ቃል ዘለለቻት። ስሟን ብቻ ጻፈች። ከስሟ ሥር ማዕረግ የሚጻፍበትን መስመር ባዶ ተወችው።

«ይኼኛውስ፣ እትዬ?»

«እሱን ፍርድ ቤቱ ይሙላው። እምቢ ካለም ይግባኝ አለ።»

እኔም እንዳገኘሁት አስቀምጬዋለሁ።

እቴነሽ ወልደሰማያት

የቤተ ሙከራ ____________