ሁለት ዓመት የፈረመው ሰው

ሃምሳ አለቃ ጠይብ ከፖሊስነቱ የታገደው ሶማሌ ተራ ላይ የያዘው የኮንትሮባንድ ነጋዴ ስላመለጠው ነው። ሆን ብሎ ለቆት ነው ያሉ ነበሩ። አልለቀቀውም። ሰውየው በሩጫ በለጠው፣ በቃ። በየቀኑ ጠዋት መምሪያው እየቀረበ እንዲፈርም በቃል ተነገረውና አቤቱታውን አስገባ። አቤቱታው ካንዱ ቢሮ ወጥቶ ሌላው ሲገባ ሁለት ዓመት ሞላ። አጥፍተሃልም ነጻ ነህም ያለው የለም።

እውነቱን ለመናገር ያንገበገበው ሥራው አልነበረም። ፊርማውን ጨርሶ ጭድ ተራ ፍራሽ እየሞላ ይውላል፤ ለሆዱ አላጣም። ያንገበገበው የሚስቱ የጀሚላ ነገር ነው።

በታገደ በስምንተኛው ወር አባቷን ልታስታምም ኮምቦልቻ ሄደች፤ አባትየውም ሞቱባት። ጠይብ ለቅሶው ላይ አልተገኘም። ከከተማ ቢወጣ ማን ይፈርምለታል? አንድ ቀን ቢጎድል ኮበለለ ብለው ያባርሩታል። ይህንኑ ጻፈላት። መልሷ አጭር ነበር፦ «እስከ ሦስተኛው ቀን መንገድ መንገዱን ሳይ ነበር። ዘመድ ሁሉ ባልሽ የታለ ሲለኝ የምገባበት ጠፋኝ። መንግሥት ከልክሎኝ ነው ካልክ የከለከለህን ወረቀት አሳየኝ። አለዚያ አትምጣ።»

የቃል ትእዛዝ ወረቀት ከየት ያመጣል? ያለው ተስፋ ውሳኔው ነው። ቢያባርሩትም ግድ የለውም፤ ብቻ በየቀኑ ፈርም ተብሎ እንደነበር ይጻፍበት። እስከዚያው ተክለ ሃይማኖት ጀርባ ያለችው አንድ ክፍል ቤቱ ውስጥ ብቻውን ያመሻል። እንዴት ዋልክ የሚለው ስለሌለ፣ የሬዲዮኑ ሰውዬ እንደምን አመሻችሁ ሲል «አልሐምዱሊላህ» ብሎ ይመልስለታል።

በመጨረሻ መምሪያውን ፍርድ ቤት አቆመው። ዳኛው ማን እንዳጠፋ አልመረመሩም። መምሪያው አቤቱታውን አይቶ በሠላሳ ቀን ውስጥ በጽሑፍ ይወስን አሉ። ሁለት ዓመት የጠፋው ጊዜ፣ ጉድ ነው፣ በሠላሳ ቀን ውስጥ ተገኘ።

በሃያ ዘጠነኛው ቀን የመዝገብ ቤቱ አስር አለቃ ውብሸት ደብዳቤውን ሰጠው።

«እንኳን ደስ አለዎት፣ ወደ ሥራዎ ተመልሰዋል።»

ጠይብ ጆሮ አልሰጠውም። በጣቱ እየተከተለ የሚፈልጋትን መስመር አገኘ፦ «ከታገዱበት ቀን ጀምሮ ለዘጠና ቀናት ብቻ እየቀረቡ እንዲፈርሙ ታዘው የነበረ ሲሆን...»

ዘጠና ቀን ሦስት ወር ነው። የጀሚላ አባት የሞቱት በስምንተኛው ወር ነው።

«ዘጠና ቀን የሚለው ምንድነው?»

«ትእዛዙ ነዋ። ያኔ አልነገሩዎትም እንዴ?»

«ታዲያ ሁለት ዓመት ሙሉ ስፈርም ምን ትል ነበር?»

ውብሸት አፈረ። የሚያስፈርመውን ደብተር ከመሳቢያው አውጥቶ ጠረጴዛው ላይ አደረገው፤ የተማሪ ደብተር ነው።

«መዝገቡማ ድሮ ተዘግቷል። ይሄን ከኪሴ ነው የገዛሁት። ሰው እየናፈቀዎት የሚመጡ መስሎኝ ነበር፣ ጋሼ። አይምጡ ልልዎት አንጀቴ እምቢ አለኝ።»

ጠይብ አልተቆጣም። በማን ይቆጣ? እስከ መቼ ነው የምፈርመው ብሎ አንድ ቀን ቢጠይቅ ኖሮ ለቅሶው ላይ ይደርስ ነበር። ትእዛዝ ሲቀበል ማብቂያውን መጠየቅ ግን አልለመደበትም። ልቡ ተሰበረ፤ የሰበረው ደግሞ ሌላ ሰው አይደለም።

ሰፈር ሲደርስ ነገሩን ከመነሻው የሚያውቁት ጎረቤቱ እትዬ ሸዋርካብሽ ደጃፋቸው ላይ ሽንኩርት ይልጣሉ።

«ምን አሉህ፣ ልጄ?»

«ፈረዱልኝ።»

«እሰይ። በል ነገ ዛሬ ሳትል ወረቀትህን ይዘህ ሂድና ሚስትህን አምጣት።»

«እሺ፣ እትዬ» አለና ወረቀቱን አጥፎ ኪሱ ከተተ። ለጀሚላ እንደማያሳያት ግን ያኔውኑ አውቆታል።