ሳንሱር የቆረጠው

ወታደራዊ አዋጁ ከመታወጁ በፊት፣ የራቁት ፊልም እንደ አሸን በፈላበት ዘመን፣ ማኒላ ውስጥ ዜናይዳ ቡሃይንን የማያውቅ ወንድ አልነበረም። ምስሏ ከሲኒማ ቤቶቹ ግንብ ላይ ቁልቁል እያየ መንገደኛ ያደናቅፍ ነበር። አዋጁ መጣ፤ ፊልሞቹ ታገዱ፤ እሷም ተረሳች። እገዳው ላልቶ ገበያው እንደገና ሲደራ አርባን ተሻግራለች።

እኔ ተዋንያን የምኳኩል ሠራተኛ ነበርኩ። ፕሮዲውሰራችን ቴዎዱሎ ዘንድ ሥራ ልትጠይቅ መጣች።

"የእናት ቦታ አለ" አላት። "የሚያስለቅስ።"

ፊቷን ስቀባት በመስታወቱ ውስጥ አየችኝ። "ሉሚንግ እህቴ፣ ልጄ ሮዌና ነርስ ልትሆንልኝ ነው። አንድ ቀን እንኳ ልብሴን ለብሼ ትየኝ።"

የለቅሶውን ክፍል ስትሠራ መብራት ያዡ ሳይቀር እንባውን ጠረገ። ወዲያው ቴዎዱሎ ሌላ ክፍል ጨመረ፦ እናትየዋ የልጇን ፍቅረኛ ለማማለል የምታወልቅበት።

"ይሄማ አልነበረም፣ ጋሼ።"

"እትዬ ዜኒ፣ ለሳንሱር የምንወረውርላቸው አጥንት ነው። እሱን ይቆርጡና ሌላውን ይተዉልናል።"

"መልሳችሁ ብትቀጥሉትስ?"

"እናቴ ትሙት! እምቢ ካልሽ ደግሞ እናት የምትሆን ሴት አላጣም።"

አወለቀች። ፍቅረኛውን የሚጫወተው ወጣት ሳቅ ተብሎ ነበርና ሳቀባት።

ሳንሱር በርግጥም ቆረጠው። ቴዎዱሎ ቁራጩን ለሲኒማ ቤቱ ሰዎች ሰጠ፤ ተቆጣጣሪው ዞር ሲል መልሰው ቀጠሉት።

በፊልሙ ምርቃት ቀን ሮዌና ከነነጭ ዩኒፎርሟ እናቷ አጠገብ ተቀመጠች፤ እኔ ከኋላቸው ነበርኩ። በለቅሶው ጊዜ አዳራሹ ጸጥ አለ። ልጅቷ የእናቷን እጅ ያዘች። ያኛው ክፍል መጣ።

"ኧረ ሴትዮ ልበሺው፣ ይብቃን!" አለ አንዱ ከላይ።

አዳራሹ በሳቅ ፈረሰ። ሮዌና እጇን አላቀቀች፤ ጎንበስ ብላ በሰው ጉልበት መሀል እየተሹለከለከች ወጣች። ዜናይዳ መብራቱ እስኪበራ ካለችበት አልተነቃነቀችም።

በሩ ላይ ቴዎዱሎ ጥርሱን አግጦ ጠበቃት። "ሰማሻቸው አይደል? ለሚቀጥለውም መሳቂያ ሴትዮ ያስፈልገኛል።"

"በእናትህ ምለህልኝ ነበር እኮ።"

"እናቴማ ከሞተች ቆየች!" ከጎኑ ያሉት በሳቅ አጀቡት።

ዜናይዳ መንገዱን ግራ ቀኝ ቃኘች። ነጭ የለበሰ ሰው አልነበረም።

"ቀረጻው መቼ ነው?" አለችው።