ለእህቱ ያልተነገረው

ዘጋቢ ፊልም ሠሪዋ ከሠላሳ ዓመት በፊት ስለተካሄደ ጦርነት ሃያ ሦስት የቀድሞ ወታደሮችን አነጋግራለች። ከልቧ ያልወጣው ግን አንድ ሃምሳ አለቃ ነው። ሁለት ቀን ሙሉ ስለ ስንቅና ስለ ምሽግ ሲቀልድ ቆይቶ በሦስተኛው ቀን ድምፁ ተሰበረ።

«ጓደኛዬ ወዲያው አልሞተም» አለ። «እግሩን ተመቶ ስሜን ይጠራ ነበር። አፈግፍጉ ተባልን፤ ጥዬው ሄድኩ። ለእህቱ ግን ‹ጥይት ግንባሩን ነው የመታው፤ አልተሰቃየም› አልኳት።»

እህትየው ልብስ ሰፊ ናት፤ ከሃምሳ አለቃው ሁለት ቤት አልፋ ትኖራለች። ሠላሳ ዓመት «የወንድሜ ምትክ» እያለች ሸሚዙን ስትጠግንለት ኖራለች።

ካሜራው ከተዘጋ በኋላ «ልጄ፣ ለእህቱ ራሴ እስክነግራት ይህን ነገር እንዳታወጪው፤ አደራ» አለ።

«እሺ አባባ፣ አያስቡ።»

ወራት አለፉ። በደወለች ቁጥር «ገና ነኝ፤ አፌ አልከፈት አለኝ» ይላታል። የቴሌቪዥን ጣቢያው የማስረከቢያውን ቀን ቆርጧል። አርታኢው ደግሞ «ይሄ ከተቆረጠ ፊልሙ ነፍስ የለውም» አላት። እሷም ታውቀዋለች። እስከዚያ ይነግራት ይሆናል ብላ ራሷን አታለለችና ፊልሙ ውስጥ አስገባችው፤ ሳትደውልለት።

ፊልሙ እሁድ ከሰዓት ተላለፈ። እህትየው «የወንድሜ ነገር ዛሬ ሊነሳ ነው» ብላ ጎረቤት ጠርታ ነበር።

በማግስቱ ፊልም ሠሪዋ ስትሄድ ሃምሳ አለቃው ደጃፉ ላይ ተቀምጧል። ያልተጠገኑ ሸሚዞቹ በፌስታል ታስረው ተመልሰውለታል።

«ይቅር ይበሉኝ፣ አባባ።»

«የተናገርኩት እውነት ነው» አለ ቀና ሳይል። «ግን ፊት ለፊት ቆሜ ነበር መንገር የነበረብኝ። እሱን ነው የወሰድሽብኝ።»

ወደ ልብስ ሰፊዋ ዘለቀች። «እትዬ፣ ጥፋቱ የኔ ነው። እሳቸው ሊነግሩዎት ነበር፤ ጊዜ ስጪኝ ብለውኝ ነበር።»

የስፌት መኪናው ቆመ። «እኔ ሠላሳ ዓመት ሰጥቼዋለሁ» አለች ልብስ ሰፊዋ። ከዚያ «ወንድሜ እስከ መቼ ነው የጠራው? ነግሮሻል?» ስትል ጠየቀች።

ነግሯታል። ለፊልሙ ስለረዘመ ቆርጣ ባወጣችው ክፍል ውስጥ አለ።

«እሱን እንኳ ከሳቸው ይስሙ፣ እትዬ» አለች ፊልም ሠሪዋ።

ልብስ ሰፊዋ ሁለት ወር ቆይታ የሃምሳ አለቃውን በር እንዳንኳኳች አንድ ጎረቤት ለፊልም ሠሪዋ ነገራት። ምን እንደተባባሉ ማንም አልሰማም። ፊልሙን ብዙ ሰው አደነቀላት፤ እሷ ግን «በርቺ» ባሏት ቁጥር አንገቷን ትደፋለች።